አንድ ዘገባ እስር ቤት ያዘጋል? አልበር ሎንድርና የጊያናው ግዞት

በሜይ 2025 የፈረንሳዩ የፍትሕ ሚኒስትር ጄራልድ ዳርማናን አንድ ዕቅድ ይፋ አደረጉ። ደቡብ አሜሪካ ውስጥ ባለችው የፈረንሳይ ጊያና፣ ሳን ሎራን ዱ ማሮኒ በምትባል ከተማ፣ 500 እስረኛ የሚይዝ ወህኒ ቤት ይሠራል። ከዚህ ውስጥ 60 ያህሉ ቦታ እጅግ ጥብቅ ጥበቃ ላለበት ክፍል ተመድቧል። እዚያ የሚገቡት ከባድ የአደንዛዥ ዕፅ አዘዋዋሪዎችና በአክራሪነት የተፈረደባቸው ሰዎች ናቸው። መክፈቻው 2028 ነው ተብሏል። (በዚህ ጽሑፍ ያሉት ዓመታት በሙሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

ለፓሪስ ሰው ይሄ የወንጀል መከላከል ዜና ነው። ለጊያና ሰው ግን የድሮ ቁስል የሚቆሰቁስ ወሬ ነው። ሳን ሎራን ለመቶ ዓመት ያህል ፈረንሳይ እስረኞቿን በመርከብ እየጫነች የምታራግፍባት ወደብ ነበረች። የአካባቢው ተመራጮች ስለ ጥብቁ ክፍል ቀድሞ የነገራቸው እንደሌለ ገልጸው ተቆጡ። እኛን እንደገና የወንጀለኛ መጣያ ሊያደርጉን ነው ያሉም ብዙ ናቸው።

ስለዚያ የጥንት ወህኒ ሲወራ ሁልጊዜ አብሮ የሚነሳ አንድ ስም አለ። አልበር ሎንድር ይባላል። ጋዜጠኛና ደራሲ ነበር። "ያን ገሃነም ያዘጋው እሱ ነው" ይባላል። አባባሉ ውስጥ እውነት አለ። ግን ታሪኩን በጣም ያሳጥረዋል። ማሳጠሩ ደግሞ ጉዳት አለው። ጋዜጠኛ አንድ ዘገባ ጽፎ ዓለምን ይቀይራል ብሎ የጠበቀ ሰው፣ ያ ሳይሆን ሲቀር "ጋዜጠኝነት ምን ሊፈይድ" ወደሚል ተስፋ መቁረጥ ይሄዳል። ሁለቱም ስሕተት ነው። በሎንድር ሕይወት ውስጥ ዘገባ ወደ ለውጥ የሚሄድበትን መንገድ፣ የሚቆምበትንም ቦታ፣ ቁልጭ አድርጎ ማየት ይቻላል።

ሰውየው

ሎንድር በ1884 ቪሺ በምትባል የፍል ውኃ ከተማ ተወለደ። አባቱ ብረት ቀጥቃጭ ነበር። ገና በአሥራዎቹ ዕድሜ ሊዮን ሄዶ በአንድ የማዕድን ኩባንያ ሒሳብ ቤት ተቀጠረ። ልቡ ግን ግጥም ላይ ነበር። ፓሪስ ገብቶ በ1904 የመጀመሪያ የግጥም መድበሉን አሳተመ። በዚያው ዓመት ልጁ ፍሎሪዝ ተወለደች። በዓመቱ የልጅቷ እናት ሞተችበት።

በ1906 ለ ማተን የሚባለው ትልቅ ጋዜጣ ወሰደው። ሥራው ፓርላማው ኮሪደር ላይ ቆሞ ወሬ መልቀም ነበር። ጽሑፉ ይወጣል፣ ስሙ አይወጣም። እንዲህ ሆኖ ዓመታት አለፉ።

ሴፕቴምበር 1914 የጀርመን መድፍ የሬምስን ካቴድራል አቃጠለ። የፈረንሳይ ነገሥታት ዘውድ የሚጭኑበት ቤተ ክርስቲያን ነው። ሎንድር እዚያው ነበር። በጤናው ምክንያት ለውትድርና ያልበቃ የ29 ዓመት ሰው፣ የድንጋይ ሕንፃ ሲቃጠል ያየውን እንደ ሰው ሞት አድርጎ ጻፈው። ስሙ ከዚያ በኋላ አልተደበቀም።

ከዚያ ወዲያ ያለው ሕይወቱ ጉዞ ነው። ዳርዳኔል፣ ሰርቢያ፣ ግሪክ፣ ጣልያን። በ1920 አብዮት ላይ የነበረችውን ሩሲያን አየ። በ1922 ጃፓን፣ ቻይናና ህንድ ደረሰ። ፈረንሳዮች እንዲህ ያለውን ሰው "ግራን ረፖርተር" ይሉታል። ርቆ ሄዶ፣ ቆይቶ፣ አይቶ፣ በተከታታይ የሚጽፍ ጋዜጠኛ ማለት ነው። የሚጽፈው ረጅም ዘገባ "ረፖርታዥ" ይባላል። ዜና ምን እንደሆነ ይነግራል። ረፖርታዥ ቦታውን፣ ሰዎቹን፣ ጠረኑን ጭምር አምጥቶ አንባቢው ፊት ያስቀምጣል።

ከአለቆች ጋር ብዙ አይስማማም ነበር። በ1919 ጣልያኖች በሰላም ስምምነቱ ደስተኛ እንዳልሆኑ በመጻፉ ጠቅላይ ሚኒስትር ክሌማንሶ ተቆጡ፤ እሱም ከሥራው ተባረረ። ሌላ ጋዜጣ ላይ ደግሞ ጽሑፍህ ከጋዜጣው መስመር ጋር አይሄድም ሲሉት፣ ዘጋቢ የሚያውቀው መስመር የባቡሩን ብቻ ነው ብሎ መለሰ ይባላል።

"ባኝ" ምን ነበር?

ባኝ ማለት የግዞትና የግዳጅ ሥራ ወህኒ ነው። ሥርዓቱ በሕግ የጸናው በ1854 ነው። ሐሳቡ ቀላል ነበር። ፈረንሳይ ከወንጀለኞቿ ትገላገላለች። ቅኝ ግዛቷ ደግሞ ጉልበት ታገኛለች። በ1848 ባርነት ቀርቶ ስለነበር ጊያና ውስጥ የሠራተኛ እጥረት ነበር።

የሆነው ግን ሌላ ነው። ወባና ቢጫ ወባ ሰዉን እንደ ቅጠል አረገፈው። ሞቱ ስለበዛ ከ1867 እስከ 1887 ከፈረንሳይ የሚመጡ ነጭ እስረኞች ወደ ኒው ካሌዶንያ ተዛወሩ። በ1885 ሌላ ሕግ ወጣ። ትንንሽ ወንጀል የሚደጋግሙ ሰዎችም ለዕድሜ ልክ ይጋዙ ተባለ። ኪስ አውላቂውም ከነፍሰ ገዳዩ ጋር አንድ መርከብ ተሳፈረ። በመቶ ዓመት ውስጥ ወደ ጊያና የተጋዘው ሰው 70,000 ገደማ ይሆናል። በሐሰት የተከሰሰው መኮንን አልፍሬድ ድሬፉስ የታሰረውም እዚያው፣ የሰይጣን ደሴት ላይ ነው።

ከሁሉ የከፋው "ዱብላዥ" የሚሉት ነገር ነበር፤ እጥፍ ማድረግ እንደማለት ነው። ከ8 ዓመት በታች የተፈረደበት ሰው እስሩን ሲጨርስ ያንኑ ያህል ዓመት ጊያና ውስጥ ይቆያል። 8 ዓመትና ከዚያ በላይ ከሆነ ዕድሜ ልኩን አይወጣም። "ነጻ" ተብሎ ይፈታል። ሥራ ግን የለም። ቀጣሪ የእስረኛ ጉልበት በርካሽ እያገኘ የተፈታውን ለምን ይቀጥራል? መመለሻ ገንዘብም የለ፣ ፈቃድም የለ። ሎንድር ይህን ካየ በኋላ የደረሰበት ፍርድ ከባድ ነው። ባኝ የሚጀምረው ሰውየው ሲፈታ ነው አለ።

ኪሎ ሜትር 24

በ1923 ለ ፕቲ ፓሪዚያን የሚባለው ጋዜጣ ላከው። ተደብቆ አልገባም፤ ፈቃድ ይዞ ነው የሄደው። ጊያና ሳይደርስ፣ የተሳፈረበት መርከብ ላይ 11 ሰዎች ተጫኑ። ከግዞት አምልጠው የተያዙ ናቸው። የወህኒውን ደጅ ሳያይ ከወህኒው ሰዎች ጋር ተገናኘ።

አንድ ቦታ ብቻ ቀረብ ብለን እንይ። የጊያናን ዋና ከተማ ካየንን ከሳን ሎራን ጋር ያገናኛል የተባለ መንገድ ነበር። እስረኞች ለዓመታት ሠሩበት። ሎንድር ሲደርስ መንገዱ ከካየን 24 ኪሎ ሜትር ላይ አለቀ። ከዚያ በኋላ ጫካ ነው። እዚያ ያሉት ሰዎች ባዶ እግራቸውን ናቸው። ከአፈሩ የሚገባው የአንጀት ትል ደማቸውን ይመጥጣል። ወባው አለ። በቂ ኪኒን የለም። የሚታመም ሰው ደግሞ መንገድ አይሠራም። ሎንድር ጥያቄውን አዞረው። አስተዳደሩ የፈለገው መንገድ መሥራት ነው ወይስ ሰው መጨረስ? መንገድ ከሆነ የሚፈልገው አልሠራም።

ይሄ አካሄድ ብልሃት አለበት። ብዙ አንባቢ ለወንጀለኛ አያዝንም። "የዘሩትን ነው የሚያጭዱት" ይላል። ስለዚህ ሎንድር እዘኑላቸው ብሎ አልጀመረም። ስንት ገንዘብ ወጥቶ ምን ተገኘ ብሎ አሳየ። ርኅራኄው በዚያ በኩል ገባ።

ሰዎቹንም በስማቸው አስተዋወቀ። ዋናው ዬጅን ዲዮዶኔ ነው። ፓሪስን ካሸበረው የቦኖ የወንበዴዎች ቡድን ጋር ነበርክ ተብሎ በ1913 ሞት ተፈረደበት፤ ቅጣቱ ወደ ዕድሜ ልክ ግዳጅ ሥራ ተቀየረ። ወንጀሉን አልሠራሁም እያለ ዓመታት ቆየ። ሎንድር ከወህኒው ደሴቶች በአንዱ ላይ አገኘው፣ አመነው። ዲዮዶኔ በኋላ ወደ ብራዚል ሲያመልጥ ሎንድር እስከ ሪዮ ሄዶ አገኘው፤ ምሕረት አግኝቶ ወደ አገሩ እንዲገባም ረዳው።

ዘገባው ለምን ሠራ?

ጽሑፎቹ ከኦገስት 1923 ጀምሮ በተከታታይ ወጡ። በዚያው ዓመት መጽሐፍ ሆኑ። ግርግሩ ትልቅ ነበር። ለምን እንደሆነ መፈተሽ ያስፈልጋል፤ ምክንያቱም ባኝ ክፉ መሆኑን ከሎንድር በፊትም የተናገሩ ነበሩ።

ዋናው ነገር መድረኩ ነው። ለ ፕቲ ፓሪዚያን በቀን ከ1 ሚሊዮን በላይ ቅጂ ይታተም ነበር። የሚያነበው ሠራተኛው፣ ባለሱቁ፣ የቤት እመቤቷ ናት። የተቃዋሚ ጋዜጣም አልነበረም። መንግሥት "እነዚህ የታወቁ ጠላቶቼ ናቸው" ብሎ ሊያጣጥለው አይችልም። ተከታታይ መሆኑም ረድቷል። አንባቢ በማግሥቱ ምን ይመጣ ይሆን እያለ ይጠብቃል። አንድ ቀን የሚያስደነግጥ ጽሑፍ በሳምንቱ ይረሳል። በየቀኑ የሚመጣ ግን የቡና ወሬ ይሆናል።

ሌላው፣ ሎንድር ብሶት አሰምቶ አልቆመም። መጨረሻ ላይ ለቅኝ ግዛት ሚኒስትሩ ለአልቤር ሳሮ ግልጽ ደብዳቤ ጻፈ። የጠየቀው ቁልጭ ያለ ነበር። እስረኞችን በየዓይነታቸው ለዩ። ለበሽታ አትዳርጓቸው። ለሥራቸው ክፈሏቸው። ዱብላዥን አስቀሩ። እያንዳንዱ በድንጋጌ ሊፈጸም የሚችል ነገር ነው። ባለሥልጣን "ጥናት ያስፈልጋል" ብሎ እንዳያመልጥ ቀዳዳውን ደፍኖበታል።

ጊዜውም አገዘው። በሜይ 1924 በተደረገው ምርጫ የግራ ፓርቲዎች ጥምረት አሸነፈ፤ ኤድዋር ኤሪዮ ጠቅላይ ሚኒስትር ሆኑ። ዘገባው ቀድሞ ያዘጋጀው የሕዝብ ስሜት ነበር። አዲሱ መንግሥት ደግሞ ከበፊቱ የተለየሁ ነኝ ብሎ ማሳየት ፈለገ። በ1925 በወጡ ድንጋጌዎች የቅጣቱ ሥርዓት ላላ፤ የጨለማ ክፍል ቅጣትም ቀረ።

ከዘገባው እስከ መዝጊያው

እዚህ ላይ ነው የተለመደው ተረክ የሚሳሳተው። ዘገባው በ1923 ወጣ። የመጨረሻዎቹ እስረኞች ወደ ፈረንሳይ የተመለሱት ግን በ1953 ነው። 30 ዓመት። ሎንድር ራሱ በ1932 ስለሞተ መጨረሻውን አላየም።

በመካከሉ ሌሎች ሰዎች አሉ። ዶክተር ሉዊ ሩሶ በግዞቱ ውስጥ ሐኪም ነበር። ያየውን በሕክምና ዓይን ጽፎ በ1930 አሳተመ። ጋዜጠኛ አንድ ወር አይቶ ሄደ ለሚሉት፣ ዓመታት የኖረበት ሰው ምስክርነት መልስ ሆነ። ሳልቬሽን አርሚ የሚባለው የክርስቲያን በጎ አድራጎት ድርጅት ሰው ሻርል ፔያን በ1928 ጊያና ገብቶ ሁኔታውን አየ፤ በ1933 ደግሞ ዱብላዥ የያዛቸውን ሰዎች ማንሳት ጀመረ። መጠለያ፣ ሥራና መመለሻ ትኬት ማለት ነው። ስለ እሱ ትንሽ ነው የሚወራው፤ መወራት ግን ነበረበት።

ከሁሉ በላይ ጋስቶን ሞነርቪል አለ። ካየን የተወለደ ጥቁር ጠበቃ ነው። በ1932 የጊያና ተወካይ ሆኖ ፓርላማ ገባ። የሱ ክርክር ከሎንድር ይለያል። ሎንድር ስለ እስረኞቹ ጻፈ። ሞነርቪል ስለ አገሩ ተናገረ። ጊያና የፈረንሳይ መጣያ ሆና ስሟ ጠፍቷል፣ ልማቷም ቆሟል አለ። በ1937 የቅኝ ግዛት ምክትል ሚኒስትር ሲሆን ጉዳዩን ከውስጥ ገፋው። ጁን 1938 በወጣ ድንጋጌ ወደ ጊያና ለግዳጅ ሥራ ማጋዝ ቀረ።

ድንጋጌው ግን እዚያው ያሉትን አላስወጣም። ጦርነቱ መጣ፤ በረሃብና በበሽታ ብዙዎች አለቁ። የመመለሱ ሥራ የተጀመረው ከጦርነቱ በኋላ ነው።

ስለዚህ "ባኝን ያዘጋው ማን ነው?" ቢባል መልሱ ሰንሰለት ነው። ዘገባው በሩን ከፈተ። ሐኪሙ ማስረጃውን አጠነከረ። በጎ አድራጊው ሰዎቹን አወጣ። የሕዝብ ተወካዩ ሕጉን አስለወጠ። አንዱ ቀለበት ቢጎድል የሌላው ድካም መና ይቀር ነበር ማለት ይቻላል።

ያው ብዕር፣ ሌላ ውጤት

ይህን የሚያረጋግጠው የሎንድር ሌላው ትልቅ ዘገባ ነው። በ1928 ከሴኔጋል እስከ ኮንጎ ያሉትን የፈረንሳይ ቅኝ ግዛቶች አቋረጠ። ጽሑፎቹ በዚያው ጋዜጣ ወጡ፤ በ1929 መጽሐፍ ሆኑ። ያየው የኮንጎ ውቅያኖስ ባቡር ሥራን ነው። ብራዛቪልን ከፑዋንት ኗር ወደብ የሚያገናኝ፣ 510 ኪሎ ሜትር ያህል የሚረዝም መስመር ነው። ከሩቅ አገር በግዳጅ የመጡ አፍሪካውያን ማዮምቤ በሚባለው ጫካና ተራራ ውስጥ ድንጋይ ይፈልጣሉ። ማሽን የለም። መዶሻና እጅ ነው ያለው። ብዙ ጊዜ የሚጠቀሰው የሟቾች ግምት 17,000 ያህል ነው። ከዚያ የሚያስበልጡም አሉ።

ሰውየው ያው ነው። ጋዜጣው ያው ነው። የጻፈበት ጉልበትም አላነሰም። ግርግሩም ተነሳ። የቅኝ ግዛት ጋዜጦች ዘመቱበት። ሥራው ግን አልቆመም። መስመሩ በ1934 ተመረቀ።

ልዩነቱ ምን ላይ ነው? ባኝ ለማንም አያተርፍም ነበር፤ ገንዘብ ይበላል እንጂ። ባቡሩ ግን ኩባንያም መንግሥትም ብዙ ያፈሰሱበት ነው። የባኝ እስረኞች ፈረንሳይ ውስጥ እናት፣ ወንድም፣ ጋዜጣ የሚያነብ ዘመድ አላቸው። የማዮምቤ ሠራተኞች ዘመድ ፓሪስ ውስጥ ድምፅ አይሰጥም። ጊያና ሞነርቪልን ፓርላማ ላከች። ያኔ ኮንጎ ማንንም መላክ አትችልም። ዘገባው ደረሰ፤ ተቀብሎ የሚሮጥበት ሰው ግን አልነበረም።

እንደሚመስለኝ የሎንድር ሕይወት ትልቁ ትምህርት እዚህ ጋ ነው። የዘገባ ኃይል ከጸሐፊው ችሎታ ብቻ አይመጣም። የተበደለው ሰው አቤት የሚልበት ቦታ አለው ወይ? ጥያቄው ይሄ ነው።

"ብዕርን ቁስል ውስጥ"፦ ጋዜጠኛ ወይስ አክቲቪስት?

ከአፍሪካው መጽሐፍ መግቢያ ላይ የተወሰደ አንድ ንግግሩ ዛሬም በየጋዜጠኝነት ትምህርት ቤቱ ይጠቀሳል። ጋዜጠኛ የመዘምራን ልጅ አይደለም፣ የጽጌረዳ ቅጠል እየበተነ ከሰልፉ ፊት ፊት መሄድ ሥራው አይደለም ይላል። ቀጥሎም "ሙያችን ማስደሰት አይደለም፣ መጉዳትም አይደለም፤ ብዕርን ቁስል ውስጥ መክተት ነው" ይላል።

በኛም ማኅበራዊ ሚዲያ "ይሄ ሰው ጋዜጠኛ ነው ወይስ አክቲቪስት?" የሚል ክርክር አያልቅም። ሎንድር ለየትኛው ወገን ይመሰክራል? ሁለቱም ወገን ሊጠራው ይችላል። ገለልተኛ አልነበረም። ያየውን ክፉ ነገር ክፉ ብሏል፤ ሚኒስትሩን በስሙ ጠርቶ ይህን አድርግ ብሏል። በዚህ ከተሟጋች አይለይም።

ግን የጎደለውን ግማሽ አብሮ ማንበብ ያስፈልጋል። "መጉዳትም አይደለም" ብሏል። የፓርቲ ሰው አልነበረም። መጀመሪያ ሄዶ ያያል፣ ከዚያ ይፈርዳል። ጠባቂዎቹንም አነጋግሯል፣ አስተዳዳሪዎቹንም አነጋግሯል። ደግ ኃላፊ ሲያጋጥመው ደግ ነው ብሎ ጽፏል። አቋም መያዙ ሙያውን አላሳጣውም፤ ፍርዱ ከማየቱ ቢቀድም ኖሮ ግን ያሳጣው ነበር። መስመሩን እዚህ ላይ ማስመር ከ"ገለልተኛ ነው አይደለም" ክርክር የተሻለ መለኪያ ይሰጠናል።

እንከኖቹ

ሎንድርን ያለ እንከን ማቅረብ ለሱም አይጠቅምም።

በ1924 የቱር ደ ፍራንስ የብስክሌት ውድድርን ተከተለ። የፔሊሲዬ ወንድማማቾች ውድድሩን አቋርጠው ኩታንስ ከተማ ቡና ቤት ውስጥ አገኛቸው። ጠርሙስና ክኒን እያወጡ አሳዩት። ኮኬይን፣ ክሎሮፎርም አሉት። ጽሑፉ ታሪካዊ ሆነ። ከዓመታት በኋላ ግን ታናሽየው ፍራንሲስ ስለ ብስክሌት ብዙ የማያውቀውን ሰው ትንሽ አጋነንበት አለ። ድካሙና ሥቃዩ እውነት ነው፣ ዕፁም የለም ማለት አይደለም። ቢሆንም አንድ ጠረጴዛ ላይ የሰማውን በሌላ ምንጭ አላጣራም። ፈጥኖ የሚጽፍ ጎበዝ ጸሐፊ የሚወድቅበት ጉድጓድ ነው።

ሁለተኛው ይከብዳል። ሎንድር የቅኝ ግዛትን አሠራር ነቀፈ፤ ቅኝ ግዛትን ራሱን ግን አልተቃወመም። እንግሊዞችና ቤልጅጎች ማሽን ያስገባሉ፣ እኛ ሰው እንጨርሳለን የሚል ነበር ክሱ። በደንብ እንግዛ ማለት ነው። ስለ አፍሪካውያን የተጠቀመባቸው ቃላትም ዛሬ ሲነበቡ ያማሉ። አንዳንዶች የዘመኑ ሰው ነው ብለው ያልፉታል። ሌሎች ደግሞ ያን ያህል አይቶ ከዘመኑ አለመውጣቱ ራሱ ጉድለት ነው ይላሉ። ሁለተኞቹ ሚዛን የሚደፉ ይመስለኛል። በዚያው ዘመን ቅኝ ግዛትን ከሥሩ የተቃወሙ ድምፆች ፓሪስ ውስጥ ነበሩና።

ይሄ ነገር ለእኛ ሩቅ አይደለም። በ1930 የሎንድር ዘመነኛ የሆነው ጋዜጠኛና ደራሲ ጆሴፍ ኬሴል ስለ ባሪያ ንግድ ለመጻፍ ወደ ኢትዮጵያና ቀይ ባሕር መጣ። ዘገባው በለ ማተን ጋዜጣ ወጣ። ያየው ግፍ እውነት ነበር። ከ5 ዓመት በኋላ ግን የሙሶሊኒ ጣልያን ኢትዮጵያን ሲወርር "ባርነትን ላጠፋ ነው" የሚለውን ሰበብ አድርጎ ያቀርብ ነበር። ቁስልን ማሳየት ተገቢ ነው። ቁስሉን አይቶ የሚመጣው ሁሉ ግን ሐኪም አይደለም። ጋዜጠኛ ይህን መቆጣጠር አይችልም፤ አለማሰብ ግን አይችልም።

ጓርዳፉይ ላይ

የሎንድር መጨረሻ ከእኛው ሰፈር ነው። በ1931 ስለ ቀይ ባሕርና ስለ ፋርስ ባሕረ ሰላጤ የሉል ጠላቂዎች ጻፈ። በዕዳ ተይዘው የሚጠልቁ፣ ጆሯቸውና ሳንባቸው የሚጎዳ ሰዎች ናቸው። በዓመቱ ወደ ቻይና ሄደ። ከዚያ ሲመለስ የተሳፈረበት ጆርጅ ፊሊፓር የተባለው አዲስ መርከብ ሜይ 16 ቀን 1932 ሌሊት ኤደን ባሕረ ሰላጤ ላይ፣ ከሶማሊያ ጫፍ ከጓርዳፉይ ርቆ ሳይሄድ በእሳት ተያያዘ። ከ50 በላይ ሰው ሞተ። አብዛኛውን ሰው ያተረፈው አንድ የሶቭየት ነዳጅ ጫኝ መርከብ ነው። የተረፉት ጅቡቲና ኤደን ደረሱ። የሎንድር አስከሬን አልተገኘም። 47 ዓመቱ ነበር።

ከቻይና ትልቅ ምሥጢር ይዞ ነበር የሚል ወሬ ወዲያው ተነሳ። ጉዳዩን የነገራቸው ባልና ሚስት ከእሳቱ ተርፈው፣ በቀናት ውስጥ ጣልያን ላይ በአውሮፕላን አደጋ መሞታቸው ወሬውን አጋጋለው። ያም ሆኖ መርከቡ ሆን ተብሎ ተቃጠለ የሚል ማረጋገጫ አልተገኘም። የኤሌክትሪክ መስመሩ ችግር ነው የሚለው ማብራሪያ ይበልጣል። ልጁ ፍሎሪዝ በስሙ ሽልማት አቋቋመች። ከ1933 ጀምሮ ለፈረንሳይኛ ጋዜጠኞች ይሰጣል።

አዲሱ ወህኒ ባኝ ነው?

ወደ 2025ቱ ዜና እንመለስ። "ባኝ ሊመለስ ነው" የሚለው አባባል በጥሬው ትክክል አይደለም። የግዳጅ ሥራ የለም፣ ዱብላዥ የለም። ጊያና ውስጥ ያለው የረሚር ሞንጆሊ እስር ቤት ከአቅሙ በላይ ሞልቷል። ሳን ሎራን ላይ ወህኒ ቤት መሥራት ከ2017 ጀምሮ የታሰበ ነው። ጊያናም የኮኬይን መተላለፊያ ሆናለች። ደጋፊዎቹ እነዚህን ያነሳሉ፤ ተጨባጭ ነገሮች ናቸው።

ተቺዎቹ ደግሞ ጥብቁ ክፍል ላይ ያተኩራሉ። ከዋናው ፈረንሳይ ለሚመጣ እስረኛ ቦታው ከፓሪስ 7,000 ኪሎ ሜትር ያህል ይርቃል። ቤተሰብ እንዴት ይጠይቃል? ጠበቃ እንዴት ይመላለሳል? ከወንጀል መረቡ ለመነጠል ተብሎ የሚደረግ ርቀት ከፍርዱ በላይ ተጨማሪ ቅጣት ይሆናል ባዮች ናቸው። ሎንድር ዱብላዥ ላይ ያነሳውም ክስ ይኸው ነበር። ዳኛ ያልፈረደውን ቅጣት አስተዳደር ይጨምራል።

ሎንድር በፈቃድ ገብቶ፣ ከእስረኛ ጋር ቁጭ ብሎ ማውራት ችሎ ነበር። በዛሬዋ ፈረንሳይ ከ2015 ወዲህ ያለው ሕግ ጋዜጠኞች እስር ቤት ሊጎበኝ ከሚገባ የፓርላማ አባል ጋር አብረው እንዲገቡ ይፈቅዳል። ጊያና ያሏት 2 የሕዝብ እንደራሴዎችና 2 ሴናተሮች ናቸው። ወህኒው ሲከፈት ጋዜጠኛ ይዘው በሩን ማንኳኳት የእነሱ ፈንታ ይሆናል። የፓሪስ ጋዜጦች ደግሞ ለዚያ ጉብኝት ዘጋቢ በአውሮፕላን ለመላክ በጀት ይመድባሉ ወይ የሚለው ከአሁኑ ሊጠየቅ ይገባል።